ቴምሩን ማን ሞላው

ሰው አርባ ዓመት አልፎት ሚጣ ተብሎ ይጠራል? ይጠራል እንጂ። የቤቱ የመጨረሻ ልጅ ከሆነች፣ ሳታገባ ከአባቷ ጋር ከቀረች፣ ሽበቷን በሻሽ ብትሸፍንም ባትሸፍንም እስክትሞት ሚጣ ናት። ይቺ ሚጣ ልብስ ሰፊ ናት። የስፌት መኪናዋን ሳሎኑ መስኮት ሥር ተክላ የሰፈሩን ቀሚስ ስታጠብ፣ ስታሰፋ፣ ስታሳጥር ትውላለች። አብረዋት የሚኖሩት አባቷ ዕድሜያቸውን በትልቁ ሆቴል ቀዝቃዛ ኩሽና የጨረሱ ሰው ናቸው። ቀዝቃዛ ኩሽና ማለት እሳት የማይነካው ምግብ የሚሰናዳበት ነው፤ ሰላጣው፣ የተቆራረጠው ፍራፍሬ፣ እንግዳ ቆሞ እያወራ በሁለት ጣቱ አንሥቶ አፉ ውስጥ የሚጥላት ነገር ሁሉ ከዚያ ትወጣለች። ጡረታ ከወጡ ስንት ዘመናቸው፣ ሰው ግን ዛሬም ሼፉ ነው የሚላቸው።

የሼፉ አእምሮ እየከዳቸው ነው። መጀመሪያ መነጽራቸው ጠፋ፤ ቀጥሎ የጎረቤት ስም ጠፋ፤ ቀጥሎ ማክሰኞ የምትባል ቀን ከነጭራሹ ጠፋች። ሚጣ «እርጅና ነው፣ ማን የማይረሳ አለ» እያለች ስትሸፋፍን ከረመች። የተሸፈነ ነገር ግን አንድ ቀን መገለጡ አይቀርም። አንድ ጠዋት ሼፉ ነጩን የሥራ ካፖርታቸውን ለብሰው ከቤት ወጡና የሆቴሉ የኋላ በር ላይ ተቀምጠው «ፈረቃዬ ደርሷል፣ ክፈቱልኝ» ሲሉ ተገኙ። ብዙም ሳይቆይ ደግሞ የጋዙን ምድጃ ከፍተው ሳይለኩሱት ጋደም አሉ፤ ጎረቤት ሽታው ባይደርሳት ኖሮ አባትና ልጅ በአንድ ቀን ይቀበሩ ነበር።

ከሆቴሉ በር ላይ ያነሣቸው ትልቁ ልጃቸው ነው። የትምህርት ቤት ዳይሬክተር ነው፤ ቤተሰቡ ዘንድም ቢሆን ከዳይሬክተርነቱ በቀር ሌላ ስም የለውም። ክፉ ሰው አይደለም። ክፉ ቢሆን ለሚጣ በቀለላት። ያን ቀን አባቱን በዚያ ሁኔታ ሲያይ እዚያው ጥበቃው ፊት ተንበርክኮ ነው ያለቀሰው። እንባውን ከጠረገ በኋላ ግን ዳይሬክተር ነውና መፍትሔ ፍለጋ ገባ፣ አገኘም። ሌላ ከተማ ውስጥ የአረጋውያን መጦሪያ አለ፤ ንጹሕ ነው፣ ሐኪም አለው፣ አትክልት ቦታም አለው። ቦታ ተይዞላቸዋል። ቤቱ ይከራያል፤ ሚጣም ከነስፌት መኪናዋ እሱና ሚስቱ ቤት ትገባለች።

ሚጣ አሻፈረኝ አለች። በሕይወቷ ታላቅ ወንድሟን ተቃውማ አታውቅም፤ ያን ዕለት ግን አፏን ሞልታ ተናገረች።

«ጋሼ፣ ከዚህ ቤት ካወጣሃቸው እኮ ያለቀላቸው ያን ቀን ነው። እዚህ ቢያንስ የበሩን እጀታ ያውቁታል።»

«ጋዙንም ያውቁት ነበር» አለ ዳይሬክተሩ።

«ቁጥርና ስም ነው የጠፋባቸው። ሥራቸው አልጠፋባቸውም። እጃቸው ሁሉን ያስታውሳል።»

 ዳይሬክተሩ እንደ ልማዱ ፈተና አወጣ። ካልታዘልኩ አላምንም አለች እንደሚሏት ሙሽራ፣ ካላየሁ አላምንም አለ። በሚቀጥለው ቅዳሜ እሱና ሚስቱ፣ የቤተሰቡ የመጨረሻ ቃል ባለቤት የሆኑትን ትልቋን አክስት ይዘው ይመጣሉ። አባባ አንድ ነገር፣ አንድ ብቻ፣ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ በራሳቸው እጅ ሠርተው ያስተናግዷቸዋል። እሳት የማይፈልግ ነገር ይሁን። ሚጣ እጇን እንዳታስገባ። ከሠሩ «አፌን እዘጋለሁ፣ ከቤታቸው ንቅንቅ አይሉም» አለ። ካልሠሩ ግን ሚጣ አንድ ቃል ሳትተነፍስ ልብሳቸውን ታሰናዳለች። እሷም እሺ አለች። ምን ታድርግ? እሺ ካላለች የሚመጣው ያው ነው።

እውነት እንነጋገር ከተባለ ተስፋዋ ላም አለኝ በሰማይ ዓይነት ነበር። ሼፉ ጠዋት የሠሩትን ከሰዓት የማያውቁ፣ ከሰዓት የተናገሩትን ለማታ የማያሳድሩ ሰው ናቸው። ይህን ከማንም የተሻለ የምታውቀው እሷ ናት። ቢሆንም ቅዳሜ ጠዋት ገበያ ሄዳ ቴምር ገዛች፤ ድቡልቡሉን፣ ቆዳው ያልተጨማደደውን። ኮክ ገዛች፤ ገና ያልለሰለሰውን፣ ሲነክሱት ፊት የሚያኮማትረውን። ነጭ ቺዝ፣ ማር፣ የተቆላ ለውዝ፣ ሎሚ፣ ቁንዶ በርበሬ፣ የጥብስ ቅጠል ገዝታ ተመለሰች።

ሼፉ የኩሽናው ጠረጴዛ ላይ የተደረደረውን ሲያዩ ፊታቸው ተለወጠ። ሚጣ እንደዚያ ሲሆኑ ካየች ቆይታለች። እጅጌያቸውን ሰብስበው እስከ ክርናቸው ታጠቡ፣ ሽርጣቸውን አሸረጡ፣ ቢላውን አውራ ጣታቸው ላይ ሞከሩትና «ይሄ ቢላ ነው ወይስ ማንኪያ?» ብለው ይስሉት ጀመር።

«እንግዳው ማነው?»

«ጋሼና ባለቤቱ ናቸው። አክስቴም አሉ።»

«እትዬም ይመጣሉ? እንግዲያው ለእሳቸው ለስለስ ያለውን እንመርጣለን። ጥርሳቸው እኮ የተገዛ ነው።»

ሚጣ ሳቀች። ሼፉም ሳቁ። ከዚያ ቢላውን አስቀምጠው «እንግዳው ማነው?» አሉ። እሷም ገና አሁን እንደተጠየቀ ሰው «ጋሼና ባለቤቱ ናቸው፣ አክስቴም አሉ» አለች።

ሥራው ላይ ግን ልባቸው አልተሳሳተም። ቴምሩን በቁመቱ አንድ ጊዜ ብቻ ሰንጥቀው፣ ጠንካራውን ፍሬ በቢላው ጫፍ ፈንቅለው ወደ ትንሽ ሳህን ይጥሉታል። ኮኩን ዙሪያውን ቆርጠው፣ ሁለቱን ግማሽ በተቃራኒ አቅጣጫ ጠምዘዝ ሲያደርጉት ለሁለት ይከፈላል፤ የእሱም ፍሬ ወደዚያው ሳህን። እጃቸው ሲሮጥ አፋቸውም አብሮ ያስተምራል።

«ቴምር ራሱ ስኳር ነው። ስኳርን በስኳር ብትሞዪው ምን ታተርፊያለሽ? ጨው ያለው ቺዝ ስጪው። ኮኩ ደግሞ ኮምጣጣ ነው፣ እሱ ማርና ለውዝ ይሻል። ሰውም እንደዚያው ነው፣ የጎደለውን ነው የሚሰጡት።»

ቺዙን በንጹሕ ጨርቅ ጠቅልለው ጠመዘዙት፤ ውሃው ጠብ ጠብ እያለ እስኪያልቅ አልለቀቁትም። ቁንዶ በርበሬውን ወቅጠው፣ የጥብስ ቅጠሉን እንደ አቧራ ከትፈው ቀላቀሉበት። በሌላ ጎድጓዳ ሳህን ለውዙን ሰባብረው በማር ለወሱ፣ የሎሚ ልጣጭ ፈቀፈቁበት። ሚጣ በሩ ላይ ቆማ ስታይ አንጀቷ ቅቤ ጠጣ። ምናልባት፣ አለች በልቧ። ምናልባት ዛሬ እግዜር በዚህ ቤት በኩል ያልፍ ይሆናል።

«አንቺ ምን ትጠብቂያለሽ? ሥራ የለሽም?» አሏት ሳያዩዋት። «ኩሽና ውስጥ ቆሞ የሚያይ ሰው አልወድም።»

እጇን እንዳታስገባ ቃል ገብታለችና ወደ ስፌት መኪናዋ ተመለሰች። በሩን ክፍት አድርጋ ተቀመጠች። የቢላው ድምፅ ይሰማታል።

ሰይጣን ሥራ ሲፈታ ደንበኛ ይልካል። የውጭው በር ተንኳኳ፤ ቀሚሴ ጠበበ ብላ የመጣች ሴት ናት። ሚጣ ነገሩን በሁለት ቃል ልትጨርስ ወጣች። ሴትዮዋ ግን በሁለት ቃል የምታልቅ አልነበረችም።

«አንቺ ነሽ ያጠበብሽው» አለች።

«እኔ የሰፋሁት በልክዎ ነው። ሁለት ወር ሙሉ ለብሰውት የለም እንዴ?»

«ታዲያ ጨርቁ ተኮማትሮ ነዋ።»

«ጨርቁ አልተኮማተረም። ግድ የለም፣ ከጎኑ እለቅልዎታለሁ።»

«አልወፈርኩም እኮ ነው የምልሽ።»

«ማን ወፈሩ አለዎት?»

እንዲህ እንዲህ እያሉ አንዱን ጎን ለኩ፣ ሌላውን ጎን ለኩ፣ የሴትዮዋን አማች ሐሜት አነሡ ጣሉ። ሚጣ ጆሮዋ ወደ ኩሽናው ቢሆንም የቢላው ድምፅ ካቆመ ቆየት ማለቱን ያስተዋለችው ሴትዮዋን ሸኝታ በሩን ስትዘጋ ነው።

ኩሽናው ሳሙና ሳሙና ይሸታል። ወለሉ ተወልውሏል፤ ጠረጴዛው ላይ አንዲት ጠብታ የለችም፤ ሳህኖቹ ታጥበው ተደፍተዋል፤ ሽርጡ መስቀያው ላይ ነው። ሼፉ ወንበራቸው ላይ ተቀምጠው እጃቸውን ጭናቸው ላይ አጣምረዋል።

«ጨርሻለሁ» አሉ። «ፈረቃዬም አልቋል።»

ትሪው በነጭ ጨርቅ ተሸፍኗል። ሚጣ ጨርቁን ገለጥ አደረገችው። ቴምሩ ስንጥቁ ወደ ታች ተደርጎ በመስመር ተደርድሯል፤ አንዱ ከአንዱ አይበልጥም አያንስም። ኮኮቹ ሁለት ሁለቱ ግማሽ ገጥሞ፣ በስቴኪኒ ተያይዘው እንደ ሙሉ ኮክ ክብ ሠርተው ዳርዳሩን ከበዋል። እንዲህ ያለ ትሪ በሕይወቷ አላየችም። ጎንበስ ብላ የአባቷን ግንባር ሳመች። እንባዋ ሽበታቸው ላይ ወረደ፣ እሳቸውም «ምነው ልጄ?» አሉ።

ልብስ ሰፊ መሆን መጥፎ ነው፤ ዓይን ሁልጊዜ ቅዳጅ ይፈልጋል። ጨርቅ የቆረጠ ሰው ቅዳጅ መተው አለበት። ሚጣ ዓይኗን እየጠረገች ያንን የፍሬ ሳህን ፈለገችው። ታጥቦ ተደፍቷል። እንግዲያው ፍሬዎቹ ቆሻሻ መጣያው ውስጥ መሆን አለባቸው ብላ ክዳኑን አነሣች። ፍሬ የለም። መጣያው ውስጥ ያለው ያ የተጨመቀው ቺዝ ነው፤ ከነቁንዶ በርበሬው፣ ከነጥብስ ቅጠሉ። ከላዩ ላይ በማር የተለወሰው ለውዝ ተደፍቶበታል።

አንዱን ቴምር አነሣች። ከፈተችው። ጠንካራው ፍሬ እንደ ተፈጠረበት ቀን ቦታው ላይ ተኝቷል። ሁለተኛውንም ከፈተች። የኮኩን ስቴኪኒ ነቀለች፤ በሁለቱ ግማሽ መካከል ፍሬው ቁጭ ብሏል። ሼፉ ያወጡትን ፍሬ ሁሉ አንድ በአንድ መልሰው፣ የተከፈተውን ሁሉ ዘግተው፣ የቀረውን ትርፍራፊ ነው ብለው ደፍተው፣ የሥራ ቀኑ እንዳለቀ እንደማንኛውም ጨዋ ምግብ አብሳይ ኩሽናቸውን አጽድተው ተቀምጠዋል። ፍሬውን ሲመልሱት ምን ያህል ተጠንቅቀው ይሆን? አንዱም ቆዳው አልተቀደደም።

ወሽመጧ ብጥስ አለ። ወንበር ስባ ተቀመጠችና ሁለቱ፣ አባትና ልጅ፣ ትሪውን መሃል አድርገው ተያዩ። ሐቀኛ ሰው ብትሆን እዚያው ላይ ይበቃት ነበር፤ ለወንድሟ ደውላ «አትምጡ፣ አሸንፈሃል» ትለው ነበር። ግን የአክስትየው የተገዛ ጥርስ ኮኩ ውስጥ ሲሰበር ታያት። ወንድሟ ከአፉ ፍሬ አውጥቶ መዳፉ ላይ ሲያየው ታያት። ሰው በእሷ አባት ላይ እንደዚያ አንገቱን ሲነቀንቅ ቆማ ልታይ አልቻለችም።

«አባባ፣ ሳሎን ይሂዱና አረፍ ይበሉ። እንግዶች ሲመጡ ይቀበሏቸው።»

«እንግዳው ማነው?»

«ጋሼ ነው። ባለቤቱም፣ አክስቴም።»

እሳቸው ሲወጡ ሽርጡን ከመስቀያው አውርዳ አሸረጠችና ቢላውን አነሣች። ፍሬውን ፈንቅላ ማውጣት ቀላሉ ነው። ችግሩ የሚሞላው ነገር ነው። ማቀዝቀዣው ውስጥ የቀረ ትንሽ ቺዝ አለ፤ በውሃው ውስጥ ተዘፍዝፎ። ለመጭመቅ ጊዜ የለም። ጨው፣ ቁንዶ በርበሬ፣ ያደረ የጥብስ ቅጠል። ማሩ ይበቃል፤ ለውዙ ግን ሩብ እፍኝ ቢሆን ነው፤ ብስኩት ፈጭታ አብራ ለወሰችው። ቴምሩን ሞላች፣ ኮኩን ሞላች። ጣቶቿ መርፌ እንጂ ቺዝ አያውቁም። ቢሆንም ከላይ ለሚያየው ያምራል። ከእጅ አይሻል ዶማ ብላ የመጨረሻውን ቴምር ስትደረድር የመኪና በር ሲዘጋ ሰማች።

ትልቋ አክስት የገቡት እንደ ዳኛ ነው፤ ከዘራቸውን ቀድመው፣ ዓይናቸውን ቤቱ ዙሪያ እያዞሩ። የዳይሬክተሩ ሚስት ሚጣን ሁለት ጊዜ ሳመቻት፤ ደግ ሴት ናት፣ ዓይኗ ውስጥ ይቅርታ ነበር። ዳይሬክተሩ ሙሉ ልብስ ለብሷል። ለአባቱ ጎንበስ ብሎ ሰላምታ ሰጠ፣ ሼፉም በአክብሮት እጅ ነሱትና «እንኳን ደህና መጣችሁ፣ ግቡ» አሉ። ልጃቸውን ይሁን ሌላ ሰው እየተቀበሉ እንደሆነ ማን ያውቃል። አነጋገራቸው ለሁለቱም ይሆናል።

ሻይ ቀረበ። ትሪው ቀረበ። ዳይሬክተሩ ሚጣን ትክ ብሎ አያት።

«አባባ ናቸው?»

«እሳቸው ናቸው» አለች። አልዋሸሁም አለች ለራሷ፤ ትሪውን እሳቸው አልደረደሩም እንዴ? ራሷንም ማታለል አቃታት።

አክስት የመጀመሪያውን ቴምር አነሡ። ሁሉም አፋቸውን ያያል። አላመጡ፣ ቆም አሉ፣ እንደገና አላመጡ።

«ጣፋጭ ነው ስል ጨው ይለኛል» አሉ። «ጨው ነው ስል ጣፋጭ ይለኛል። ይሄ ሰውዬ በልጅነቱም እንዲህ ነበር፣ አይጨበጥም።» ሁለተኛውን አነሡ። ሦስተኛውን ደግሞ በስኒ ማስቀመጫቸው ጠርዝ ላይ ለወደፊት አስቀመጡ።

የዳይሬክተሩ ሚስት ከኮኩ ቀምሳ «እንዲህ ያለ ነገር እኮ ሠርግ ላይም አይገኝም» አለች። ዳይሬክተሩ አንድ በላ። ከዚያ አንድ ደገመ። ከዚያ መነጽሩን አውልቆ በክራቫቱ ጫፍ ይጠርገው ጀመር፤ መነጽሩ ግን ምንም አልነካውም ነበር።

«ትንሽ ልጅ ሳለሁ» አለ፣ «ከሆቴል ሲመጡ በወረቀት ጠቅልለው ያመጡልን ነበር። አንዳንዴ ተጨፍልቆ ነው የሚደርሰው።» መነጽሩን መልሶ አጠለቀ። «ሚጣ፣ እውነት ለመናገር ይሄን አልጠበቅኩም። መጦሪያው በኋላም ይደረስበታል። ለጊዜው እንተወው። እኔም ቅዳሜ ቅዳሜ እየመጣሁ አግዝሻለሁ።»

አክስትም ከዘራቸውን መሬት ላይ መታ አድርገው «እንዲያ ነው» አሉ። ነገሩ አለቀ ማለት ነው። ሚጣ የስፌት መኪናዋን ጠርዝ ያዘች። ደስታ ነው ብላ ነበር፣ ፍርሃትም ነበረበት።

ሼፉ ከትሪው ገና ምንም አላነሡም። አክስት ዞር ብለው አዩዋቸውና «አንተስ? የሠራኸውን ቅመስ እንጂ፣ እኛ ብቻ ስንበላ» ብለው ያስቀመጧትን ቴምር ሰጧቸው።

ሼፉ ቴምሩን ተቀብለው ገለበጡት። ስንጥቁን አዩ። ግማሹን ነክሰው የቀረውን ግማሽ ወደ መስኮቱ ብርሃን ዞር አድርገው ውስጡን ተመለከቱ። ቀስ ብለው አላመጡ። ከዚያ ከኮኩም አነሡ። ሚጣ «አባባ፣ ሻይ ልጨምርልዎ?» አለች። አልሰሟትም።

«ይሄን ማን ሞላው?» አሉ።

ዳይሬክተሩ ሳቀ። «እርስዎ ነዎት እንጂ አባባ። ማን ይሞላዋል?»

«እኔ አይደለሁም።» አልተቆጡም። ድምፃቸው የረጋ ነው፣ ከስንት ወር ወዲህ ያልተሰማ ድምፅ። «ቺዙ አልተጨመቀም፣ ውሃው ቴምሩን አርሶታል። ኮኩ ውስጥ ያለው ብስኩት ነው፣ ለውዝ ከስሙ በቀር የለበትም። የሎሚ ልጣጭም ተረስቷል። መጥፎ አይደለም፣ ይበላል። የእኔ ሥራ ግን አይደለም። የሰው ድካም በስሜ እንዲመሰገን አልፈልግም።»

«አይ አባባ፣ ረስተውት ነው…» አለች የዳይሬክተሩ ሚስት ለመርዳት ብላ። ቃሉ ከአፏ እንደወጣ ምን እንዳለች ገባት። 

ሚጣ የቆመችበት ቦታ መውጫ አልነበረውም። አባባ ረስተውት ነው ብትል፣ ከሰዓት በፊት የሠሩትን አሁን ያላወቁ ሰው ናቸው ማለቷ ነው፤ መጦሪያው። ልክ ናቸው ብትል፣ ያልሠሩትን ሠሩ ብላ አታልላለች ማለት ነው፤ ያም መጦሪያው። በየትኛውም በር ብትወጣ የምትደርሰው እዚያው ነው። ይህን ዳይሬክተሩም ያውቃል። ፊቱ ላይ ማሸነፍ አልነበረም። ባይጠይቃት በወደደ። ግን ጠየቃት።

«ሚጣ፣ ማነው የሠራው?»

አባቷን አየች። እሳቸውም እሷን እያዩ ነው፤ መልሷን እየጠበቁ፣ እርግጠኛ ሆነው። ቀኑን ተሳስተው፣ ስም ተሳስተው፣ የልጃቸውን መልክ ሳይቀር ተሳስተው ያውቃሉ። በዚህች አንዲት ነገር ግን ትክክል ናቸው። ትክክለኛነታቸውን ነጥቃ የምታተርፈው ነገር ቢኖር እንኳ እጇ አይችልም ነበር። የምታተርፈውም የለም።

«ልክ ነዎት አባባ» አለች። «እኔ ነኝ የሞላሁት።»

ሼፉ ራሳቸውን ነቀነቁ። «አውቄዋለሁ» አሉ። ፊታቸው በራ። እንደዚያ በርቶ ያየው አንድም ሰው በቅርብ የለም።

ዳይሬክተሩ ስኒውን ቀስ ብሎ አስቀመጠ። «እሳቸውስ ምን ሠሩ?»

«ሁሉንም ጀምረው ነበር። ጥሩ አድርገው። ከዚያ…» ትሪውን አየች። «ፍሬውን መልሰው ከተቱት። የሚሞላውን ደፉት። ኩሽናውን አጸዱ።»

አክስት እጃቸውን ከትሪው ሰበሰቡ። ያ ሁሉ ዳኝነታቸው ጠፍቶ አሮጊት ሆኑ። «ልጁ ልክ ነው ሚጣዬ» አሉ ዝቅ ባለ ድምፅ። «አንቺም ሰው ነሽ። ብቻሽን አትችይውም።»

ዳይሬክተሩ ተነሥቶ ወደ ሚጣ ሄደ። ሊቆጣት አልነበረም። ትከሻዋን ሊይዝ እጁን ዘርግቶ መልሶ አወረደው።

«በዚህ ሳምንት እኔው ራሴ እመጣለሁ» አለ። «ልብሳቸውን አሰናጂ። ነጩን ካፖርትም አስገቢላቸው፣ እሱን ካጡ ይረበሻሉ።»

ሚጣ እስከዚያ ድረስ ችላ ነበር። ካፖርቱን ሲጠራው ግን አልቻለችም። ሻሿን አፏ ላይ አድርጋ አለቀሰች፤ ድምፅ ሳታወጣ፣ ትከሻዋ ብቻ እየተናጠ።

ሼፉ ከወንበራቸው ሆነው ይህን ያያሉ። ሽርጥ ያሸረጠች ሴት ታለቅሳለች፤ ሙሉ ልብስ የለበሰ ሰው ከፊቷ ቆሟል። እንዲህ ያለ ነገር በኩሽና ዘመናቸው ብዙ ጊዜ አይተዋል፣ ትርጉሙም አይጠፋቸውም። ተነሡ። ኮታቸውን ቆለፉ። ከሁለቱ መሃል ገብተው፣ ልጅቷን ከኋላቸው አድርገው፣ ለልጃቸው ጎንበስ ብለው እጅ ነሱ።

«ጌታዬ» አሉት፣ «የተናገርኩት እንድትባረር አይደለም። ቸኩላ ነው እንጂ እጇ መልካም ነው፣ ትማራለች። ስለ እኔ ሲሉ ይተዉልኝ።»

ዳይሬክተሩ ዞር ብሎ አክስቱን አየ።

«አጠገቧ ሆኜ አሳያታለሁ» አሉ ሼፉ። «እኔ እንደሁ የትም አልሄድ፣ ሁልጊዜ እዚሁ ነኝ።»

«እሺ፣ ሼፍ» አለ ልጃቸው።